የሰው ትራፊ

አንዲት ሴት ባሏ ከሞተ በኋላ አንድ ትልቅ ምግብ ቤት በረዳት አብሳይነት ተቀጠረች። ወጥ ቤቱ ጠባብ ነው፤ መስኮቱ በቅባት ታውሯል፣ ወለሉ ጫማ ይዞ ያስቀራል። ሠራተኞቹ ግን ደጎች ነበሩ። ሁሉም «ጋሼ» የሚሉት ዋናው አብሳይ፣ ቦርጫምና ጨዋታ አዋቂ ሰው፣ እዚህ ቤት ሁላችንም ቤተሰብ ነን ብሎ ተቀበላት።

የምሳው ግርግር ጋብ ሲል ከአዳራሹ የተነሡ ሳህኖች መጡ። ሳህን አጣቢዋ፣ በዕድሜ ገፋ ያለች አንደበተ ለስላሳ ሴት፣ የተጋጠውን አጥንት ለየችና የቀረውን ሾርባ፣ ካሮቱንም ተነክሶ የተተወውንም ሥጋ ምድጃው ላይ ወደሚንተከተከው ትልቅ ድስት ገለበጠችው። ከአንዱ ሳህን የሰው ለሀጭ ክር ሠርቶ ከማንኪያው ጋር ተጎተተ። ጋሼ አማሰለው።

አዲሷ ረዳት ወደ ጓሮ ሮጣ የበላችውን ሁሉ አስመለሰች።

ተመልሳ ምን እየሠሩ እንደሆነ ስትጠይቅ ማንም አልደነገጠም። አጣቢዋ እንደ ልጅ አባበለቻት። እሳት ያየው ነገር ንጹሕ እንደሆነ፣ የትም ቢኬድ እንዲሁ እንደሚደረግ፣ እሷንም በመጀመሪያ ሰሞን ቀፏት ኋላ እንደለመደችው ነገረቻት። ሴትየዋ ግን አልለመደችም። በእጇ የገባውን ትራፊ ሁሉ ቆሻሻ ባልዲ ውስጥ ትደፋው ጀመር። ያኔ ፊታቸው ተለወጠ። «እመቤት» የሚል ስም አወጡላት፤ እመቤት ትለፍ፣ እመቤትን እንዳይቀፋት እያሉ ይስቁባታል። ምሳ ሲቋረስ ቦታ የሚለቅላት ጠፋ። ምሳቸውን ሁሉም ከቤት ቋጥረው እንደሚመጡ ያስተዋለችውም ያኔ ነው። ይህንኑ ብትናገር ጋሼ ከልቡ ተቀየማት። ሰው እየበላ እንዲህ ያለ ወሬ ማንሣት ነውር ነው አላት።

አንድ እሑድ ታናሽ ወንድሟ እጮኛውንና የእጮኛውን እናት ምሳ ሊጋብዝ ወደ ምግብ ቤቱ ይዞ መጣ። ሴትየዋ ክው ብላ ቀረች። ጋሼ ገባው።

«አይዞሽ፣» አላት ትከሻዋን መታ መታ አድርጎ። «የራሳችን ሰው ሲመጣ ለብቻ ነው የምንሠራው። እኛ አረመኔ ነን እንዴ?»

እንዳለውም ለወንድሟ ከትንሽ ድስት ጨለፈ። ቀጥሎ ጭልፋውን ትልቁ ድስት ውስጥ ከቶ፣ አዳራሹ ጥግ ላይ ልጇን ታቅፋ ለተቀመጠች ሴት ሞላላት። የጥርስ ምልክት ያለበት ሥጋ ከላይ ተንሳፈፈ። ጋሼ በጣቱ ደፈቀውና ጣቱን ሽርጡ ላይ ጠረገ። ረዳቷ ያን ስታይ የጋሼ ደግነት ከለሀጩ ይበልጥ ቀፈፋት።

ትልቁን ድስት በጨርቅ ይዛ ማጠቢያው ላይ ደፋችው። ቀዳዳው ላይ የስቴኪኒ ስንጥር፣ የሶፍት ቁራጭና አንድ ረጅም ፀጉር ተጠምጥመው ቀሩ። አጣቢዋ ራሷን ይዛ አለቀሰች፤ የምር ለቅሶ ነበር።

«ምግብ ትደፊያለሽ?» አለቻት። «ትንሽ እግዜርን አትፈሪም?»

ሴትየዋ ወደ አዳራሹ ወጣች። ልጅ ለታቀፈችው ሴት ሾርባው የሰው ትራፊ እንደሆነ፣ ለልጁ እንዳታበላው ሁሉም እየሰማ ነገረቻት። አንድ ከረባት ያሰሩ ሽማግሌ በሰላም እንብላበት አሉ። ልጅ ያቀፈችው ሴት ሳህኑን ገፋ አደረገች፤ ግራ ቀኝ አየች። ከወንበሩ የተነሣ ሰው የለም። አፍራ ሳህኑን መልሳ ሳበችና ማንኪያውን ወደ ልጇ አፍ ወሰደች።

ወንድሟ ክንዷን ይዞ አወጣት። ከሥራ መባረሯ ሳያሳስበው በአማቶቹ ፊት መዋረዱ አንገበገበው፤ እጮኛው ቤት ሄዳ ይቅርታ ካልጠየቀች እህት የለኝም አለ። ከርማ ከርማ ሄደች። የእጮኛው እናት በፈገግታ ተቀብለው አጠገባቸው አስቀመጧት።

«እኔም በልጅነቴ ምግብ ቤት ሠርቻለሁ፣ ልጄ» አሏት ዝቅ ባለ ድምፅ። «ያልሽው ሁሉ እውነት ነው። ግን ይህ ይወራል?»

ከዚያ ምግብ ቀረበ። እናትየው ራሳቸው የጎረሱበትን ማንኪያ ላስ አድርገው፣ በዚያው ሥጋ መርጠው ሳህኗ ላይ አኖሩላት። ሁሉም እየተመለከቷት ነበር። ጎረሰች፤ ሥጋው አፏ ውስጥ ቆየ። መትፋት ነውር ስለሆነ ዋጠችው።