የኮች በርኒስ ሽማግሌዎች

ሉሊት ወሬውን ይዛ ስትመጣ ልብስ እያጠፍኩ ነበር።

"እማዬ፣ ኮች በርኒስን ሊያባርሯት ነው። ኮንትራቷን ሪኒው አናደርግም አሏት።"

"ምን አጥፍታ?"

ልጄ ዓይኗን ሰበረች። ዓይኗን ስትሰብር አውቃታለሁ፤ የእሷ እጅ ያለበት ነገር ነው ማለት ነው። "ተናገሪ እንጂ!" ብዬ ጮህኩባት።

"በፍጻሜው ጨዋታ ስላላሰለፈችኝ ነው" አለችና ማልቀስ ጀመረች።

ነገሩ እንዲገባችሁ ከሥሩ ልጀምር። የተጀመረው በፈረንጆቹ 1985 ነው፤ እኔና ሉሊት ከሱዳን አሜሪካ ከመጣን ሁለት ዓመት አልሞላንም። አባቷ እዚያው ሱዳን፣ ገዳሪፍ ቀርቷል፣ ነፍሱን ይማረውና። ቻምብሊ የምትባል ከተማ ውስጥ አንድ መኝታ ያላት አፓርትመንት ተከራይተን፣ እኔ ነርሲንግ ሆም አረጋውያን እየጦርኩ እሠራለሁ፤ ሉሊት ሃይስኩል ትማራለች፣ ደግሞም ታድጋለች። ወይ ማደግ! ቀሚስ ገዝቼላት ሳይቆይ ጉልበቷ ላይ ይደርሳል። "አንቺ ልጅ፣ በቃሽ ተይ!" እላታለሁ፣ በእጇ ያለ ነገር ይመስል። ማን ያገባታል ብዬ ነበር ጭንቀቴ። እሷም በቁመቷ እያፈረች ጎብጣ ነበር የምትሄደው።

አንድ ቀን በሩ ተንኳኳ። ስከፍት አንዲት ጥቁር አሜሪካዊት ቆማለች፤ ቱታ ለብሳ፣ ፊሽካ አንገቷ ላይ አንጠልጥላ። በርኒስ እባላለሁ፣ የአንድ ትንሽ ኮሌጅ የሴቶች ቅርጫት ኳስ አሰልጣኝ ነኝ፣ ሉሊት ስትጫወት አይቻታለሁ፣ ልጅሽን ስጪኝ፣ ትምህርቷ በነጻ ነው አለች። ሉሊት እያስተረጎመች ፊቷ በርቷል። የእኔ ግን ደሜ ፈላ።

"ልጅ የሚጠየቀው እንዲህ ነው? ብቻዋን፣ በቱታ፣ ፊሽካ አንጠልጥላ! በእኛ አገር ልጅ የፈለገ ሰው ሽማግሌ ይልካል በያት!"

እውነቱን ለመናገር፣ ትሂድልኝ ብዬ ነው ያልኩት። እሷ ግን ደረጃውን ወርዳ፣ ታክሲያቸውን ያጥቡ የነበሩትን ጎረቤታችንን ጋሽ ገብረሕይወትን ሽማግሌ ማለት ምን እንደሆነ ጠየቀቻቸው። እሳቸውም እየሳቁ ሥርዓቱን አንድ በአንድ አስጠኗት።

እሑድ በሩን ብከፍት፣ ወይ ጉድ! በርኒስ የክት ቀሚሷን ለብሳ፣ ሰማያዊ ባርኔጣ ደፍታ መጥታለች። ከኋላዋ አሮጊት እናቷ ሚስ ኦዴሳ፣ ከእሳቸው ኋላ የቤተ ክርስቲያናቸው ፓስተር። ከሁሉም ኋላ ማን ቢሆኑ ጥሩ ነው? ጋሽ ገብረሕይወት!

"እርስዎ ደግሞ ከማን ወገን ነዎት?" አልኳቸው።

"ለዛሬ የወንድ ወገን ነኝ" አሉ፣ ሳይስቁ።

ተቀመጡ ብላቸው በርኒስ ራሷን ነቀነቀች። "እሺ ካልተባልን አንቀመጥም" አለች። አስጠንተዋታል አላልኳችሁም?

ሽምግልና ደግሞ በአንድ ቀን እሺ አይባልም። "ዘመድ ላማክር" ብዬ መለስኳቸው፤ ዘመድ የት አለኝና! በሳምንቱ መጡ፣ መለስኳቸው። በሦስተኛው እሑድ ሚስ ኦዴሳ መቆም አቅቷቸው ግድግዳ ሲደገፉ አየሁና አሳዘኑኝ።

"እሺ" አልኩ። "ግን ቃል ግቢልኝ። እኔ ኳስ አላውቅም። ልጄ ተምራ እንድትመረቅልኝ ነው የምፈልገው። ኳሱና ትምህርቱ የተጋጩ ቀን ትምህርቱን ታስቀድሚልኛለሽ።"

በርኒስ ዓይኔን እያየች "ቃሌ ነው" አለች። ያን ጊዜ ሁሉም ተቀመጡ።

አራት ዓመት ልጄን አደራ ሰጥቻት ምን ልበላችሁ? እንዲህ ያለ ሰው አላየሁም። ኮሌጁ ለሴቶቹ ቡድን ደንታ ስላልነበረው አውቶቡሱን የምትነዳው እሷ፣ ማሊያ የምታጥበው እሷ። እንደዚያም ሆና ቡድኑን ከጭራ አንስታ በአራተኛው ዓመት ለፍጻሜ አደረሰችው። ከዚያ ሁሉ የሚበልጥብኝ ግን ሌላ ነው። በመጀመሪያው ዓመት ለገና ዕረፍት ሉሊት ከባቡር ስትወርድ ጣቢያው ላይ እየጠበቅኋት ነበር፤ ጀርባዋ ቀጥ ብሎ፣ አንገቷ ቀና ብሎ በሰው መሃል ስትመጣ አየኋት። "ኮች ቀና ብለሽ ካልሄድሽ አላሰልፍሽም አለችኝ" አለች። ልጄ ለካ ቆንጆ ናት! እዚያው ቆሜ አለቀስኩ።

ወደ ፍጻሜው ጨዋታ ልመለስ። ከሥራ አስፈቅጄ አዳራሹ ውስጥ ተቀምጫለሁ። ልጄ ግን ማሊያዋን ለብሳ አግዳሚው ላይ ናት፤ አትነሳም። በጥቂት ነጥብ ተሸነፉ። ምን ሆነሽ ነው ስላት "እግሬን አሞኝ" አለችኝ፣ አመንኳት። አሁን ነው እውነቱ የወጣው። ሉሊት ለጨዋታው ልለማመድ ብላ ከኬሚስትሪ ቤተ ሙከራ ትምህርት ቀርታ ኖሯል። በርኒስ ሰማች። የኮሌጁ ትልልቅ ሰዎች ልጅቷን አስገቢ ብለው ቢጮሁባት "ለእናቷ ቃል አለብኝ" ብላ እምቢ አለች። የዚያን ቀን ጥርስ ነከሱባት።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው አሉ። ሴትዮዋ እንጀራዋን ያጣችው እኔን አላሳፍርም ብላ ነው! "ሞቼ ነው ቆሜ!" አልኩና ወደ ጎረቤታችን ሮጥኩ።

"ጋሽ ገብረሕይወት፣ ጋቢዎን ይልበሱ! ብድር በምድር ነው።"

ሽምግልና ቢሮ አይኬድም። ቅዳሜ ጠዋት እኔ፣ ጋሽ ገብረሕይወትና ሚስ ኦዴሳ ሉሊትን አስተርጓሚ አድርገን የኮሌጁ ፕሬዝዳንት ቤት ሄድን። ለበርኒስ አልነገርናትም፤ እናቷ እንኳ ትንፍሽ አላሉም። ሰውየው በነጠላ ጫማ፣ ጋዜጣ እንደያዘ በሩን ከፈተ። ሚስቱ ደንግጣ ወንበር ብታቀርብ፣ ሻይ ብታቀርብ፣ ማን ይቀመጣል!

"ቡድኑን ለልጃችን ለበርኒስ ይስጡን ብለን ነው የመጣነው። እሺ ሳይሉን አንቀመጥም" አሉ ጋሽ ገብረሕይወት።

ሰውየው ግራ ተጋባ። ቦርዱ የወሰነው ነገር ነው፣ ቢሆንም አስብበታለሁ አለ። ስንወጣ ሉሊት ፊቷ ጠቁሯል። "እማዬ፣ እዚህ አገር አስብበታለሁ ማለት እኮ እምቢ ማለት ነው።"

"ዝም በይ አንቺ! በመጀመሪያው ቀን እሺ የሚል ልጁን የጠላ አባት ነው" አልኳት። እኔ ግን ውስጤ ፈርቷል።

በሳምንቱ ሄድን፤ መለሰን። በሦስተኛው ቅዳሜ ዝናቡ ይወርዳል። ምንጣፉ ላይ ውሃ እያንጠባጠብን ቆምን። ሚስቱ ባሏን ክፉኛ አየችው። ሰውየው ትዕግሥቱ አለቀ።

"ሴትዮዋ እኮ ዋንጫ አሳጥታናለች! ለመሆኑ እናንተ ምኗ ናችሁ?"

ሉሊት አስተርጉማ ሳትጨርስ ወደ ፊት ወጣሁ።

"ቤተሰቧ ነን። ዋንጫውን ያሳጣኋችሁ ደግሞ እኔ ነኝ። ልጄን አስተምሪልኝ ብዬ ቃል ያስገባኋት እኔ ነኝ። እርስዎ ቤት ስንት እናት ልጇን አደራ ብላ ሰጥታለች፤ አደራ የጠበቀችውን ካባረሩ ነገ ማን ልጁን ይሰጥዎታል? ጥፋት ካለ እኔን ይቅጡኝ።"

ሉሊት ተረጎመችው። መጨረሻ ላይ የራሷን ጨመረች፦ "ከቤተ ሙከራው የቀረሁት እኔ ነኝ። በሚቀጥለው ወር የምመረቀውም በእሷ ነው።"

ሰውየው ጋዜጣውን አጠፈ፣ ዘረጋ፣ እንደገና አጠፈ። "ሰኞ ለራሷ እነግራታለሁ" አለ። ሳንቀመጥ ወጣን።

ሰኞ ከሥራ ገብቼ ጫማዬን እንኳ ሳላወልቅ በሩ ተንኳኳ። በርኒስ ናት። ያንን ሰማያዊ ባርኔጣዋን ደፍታለች። ከፊቷ ላይ ምንም አይነበብም። የሠራነውን እንደሰማች ግን ዓይኗ ይናገራል። "ግቢ" አልኳት። ምን አለሽ ብዬ ልጠይቃት ፈራሁ።

በአጠገቤ አልፋ ወደ ውስጥ ዘለቀች፣ ባርኔጣዋን አወለቀች፣ ወንበሩን ሳበችና ቁጭ አለች።

እልልታዬን ሳቀልጠው የታችኛው ፎቅ ሰውዬ በመጥረጊያ እንጨት ጣሪያውን ደበደበ። ይደብድብ!