ጎሉን ለምን ሰጠችኝ

ደግሞ ፈገግ ትልልኛለች፣ ይኸው፣ ከጠረጴዛው ማዶ እጇን ዘርግታ ውሃ ትቀዳልኛለች፣ ማን አዘዛት፣ አስተናጋጅ ሞልቶ የለም እንዴ፣ ኖምቩላ እኮ የቡድናችን አምበል ናት፣ ሁለት ዓመት አብረን ስንጫወት ለማንም ውሃ ስትቀዳ አይቻት አላውቅም፣ ዛሬ ግን የሊጉ የሽልማት ቀን ነው፣ ሳንድተን፣ የሀብታሞቹ ሰፈር፣ ሆቴል፣ ነጭ የጠረጴዛ ልብስ፣ የምሳ ግብዣ፣ ከሹካው ጎን ሌላ ሹካ፣ እና እኔ ፅናት ሽጉጤ የሴቶች ሊግ ኮከብ ግብ አግቢ ተብዬ ልጠራ ነው፣ በአንድ ጎል ብልጫ። በዚያች በአንዷ። እሷ በሰጠችኝ።

ለምን ሰጠችኝ።

በመጨረሻው ጨዋታ ኮርናውን የመታችው እሷ ናት፣ ኳሱ ከግራ ተጠማዞ መጣ፣ እኔ ከሁለት ተከላካዮች መሃል ዘለልኩ፣ የአንዷ ክርን ጎኔን ደቃኝ፣ ዓይኔን ጨፍኜ ነበር መሰለኝ፣ ስገልጠው ኳሱ መረብ ውስጥ ነው። በቴስታ ነካሁት? ሹሩባዬን የዳበሰኝ ነገር ነበር፣ ኳስ ይሁን የሰው እጅ ጌታ ይወቅ፣ ዳኛዋ ለኖምቩላ ጻፈችው፣ በቀጥታ ከኮርና፣ እንዲህ ያለ ጎል እኮ በዕድሜ አንዴ ቢገኝ ነው፣ ሰው ለልጅ ልጁ የሚያወራው፣ እኔም ከደርባኗ አጥቂ ጋር እኩል ቀረሁ፣ ይሁን አልኩ። በማግስቱ ኖምቩላ ራሷ ሊጉ ቢሮ ደውላ ጎሉ የኔ አይደለም የፅናት ነው አለቻቸው። ማን ጠየቃት? ቪዲዮውን አዩት፣ የሚታየው የተከላካይዋ ጀርባ ብቻ ነው፣ እኔን ጠሩኝ፣ ነክተሽዋል ወይ አሉኝ፣ አላውቅም አልኩ፣ እውነቴን ነው፣ አላውቅም፣ ኮሚቴው በቀረበው የተጫዋች ምስክርነት መሠረት ግቡ እንዲስተካከል ወስኗል፣ አለቀ።

ሰው እንዲህ ያለ ነገር ዝም ብሎ አይሰጥም። እዚህ ከተማ አይሰጥም። ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ፣ ትላለች እማዬ፣ ዮቪል ሰፈር እቤታችን ስነግራት እልል አለች፣ ቆይታ ግን ልጅቷ የየት አገር ሰው ናት አለችኝ፣ እዚሁ ናት አልኩና ዘጋሁ፣ ምን ልበላት፣ የዚያ ሎኬሽን፣ የዚያ የድሆች ሰፈር ልጅ ናት ልበላት? አባዬ ስፓዛ ሱቁን የከፈተበት፣ እኔ ከትምህርት ቤት ስመለስ ከብረት ፍርግርጉ ኋላ ቆሜ ዳቦ የሸጥኩበት፣ ሰፈሩ በሙሉ አባዬን ማይፍሬንድ እያለ የኖረበት፣ ስሙን አንድም ቀን ሳይጠይቀው። ከሦስት ዓመት በፊት፣ በብርዱ ወር፣ የውጭ ሰው ይውጣልን እያሉ መጡ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ መደርደሪያ አልቀራቸው፣ ፍሪጅ አልቀራቸው፣ የጣሪያውን ቆርቆሮ ሳይቀር ገፈፉት፣ አባዬ በጓሮ አጥር ዘሎ ወጣ። ከዚያ ወዲህ ሱቅ የሚባል ነገር አይነሳበትም፣ ሜይፌር ሰፈር የዩሱፍ ጅምላ መደብር ውስጥ ካርቶን ይደረድራል፣ ሳውቦና ብሎ ሰላም የሚለው ሰው ሲመጣ ከፊቱ በፊት እጁን ነው የሚያየው።

እና ፍሪጁ።

አምና ኖምቩላ የእናቴ ልደት ነው ብላ ቡድኑን እቤቷ ጠራች፣ ለእማዬ ሳልነግር ሄድኩ፣ ሥጋ ይጠበሳል፣ ሙዚቃው ይጮኻል፣ ለስላሳ አምጪ ተብዬ ጓዳ ስገባ ባለመስታወት ፍሪጅ ቆሟል፣ የሱቅ ፍሪጅ፣ እጀታው ተሰብሮ በሽቦ ታስሯል። የአባዬም እጀታው በሽቦ ነበር የታሰረው። በሩን ከፍቼ ቀረሁ፣ ቅዝቃዜው ፊቴን እየመታኝ፣ የተሰበረ እጀታ የትም አለ፣ ሽቦም የትም አለ፣ ይሄን ሁሉ ለራሴ ነገርኩት። አልጠየቅኩም። ግን ከዚያ ቀን ወዲህ ኳስ ባቀበለችኝ ቁጥር፣ ታውቃለች? እኔ ማወቄንስ ታውቃለች? ያኔ ከመሃላቸው ነበረች? ወንድሟስ፣ ያ ዝምተኛው፣ ከሥጋው ምርጥ ምርጡን እየለየ እኔ ሳህን ላይ ያደረገው፣ ለምን ለኔ፣ ስንት ሰው ተቀምጦ።

ካሳ ነው። ገባኝ። የአባዬን ሱቅ በአንድ ጎል ሊክሱኝ ነው፣ እኔም ተነስቼ ልቀበል ነው፣ በጭብጨባ።

መድረኩ ላይ የምርጥ በረኛዋ ስም ይጠራል፣ ቀጥሎ እኔ ነኝ፣ አሁን ካልጠየቅኳት መቼም። ኖምቩላ፣ እላታለሁ፣ ጎሉን ለምን ሰጠሽኝ። ትስቃለች። ሲናት፣ ትላለች፣ ፅ አይሆንላትም፣ ምን ሰጠሁሽ፣ ኳሱ እኮ ወደ ውጭ ነበር የሚሄደው፣ እግሬን ሲለቅ ነው ያወቅኩት፣ አንቺ ጋ ሲደርስ አቅጣጫውን ለወጠ። እንዲህ ቀላል። ዝም ብል ማመን እችል ነበር፣ አፌ ግን ቀድሞኛል፣ እናትሽ ጓዳ ያለው ፍሪጅ ከየት የመጣ ነው?

የቱ ፍሪጅ?

እጀታው በሽቦ የታሰረው። አባቴ እዚያ ሱቅ ነበረው፣ ከክሊኒኩ ጎን።

ታየኛለች፣ ሳቋ ፊቷ ላይ እንዳለ ይቀዘቅዛል፣ ከክሊኒኩ ጎን የነበረው ማይፍሬንድ፣ ትላለች ቀስ ብላ፣ እሱ ነው አባትሽ? አታውቅም ነበር። ወይስ ታስመስላለች፣ አይ፣ ይሄን ማስመሰል አይቻልም። እናቴ ከመንገድ ነው የገዛችው፣ ትላለች፣ ያኔ ሰው ሁሉ ይሸጥ ነበር፣ ከየት አመጣችሁት ብለን አልጠየቅንም። አልጠየቅንም፣ ትደግመዋለች፣ ሁለተኛውን ለራሷ ነው። ከዚያ ቀና ትላለች። ጎሉን ለዚህ የሰጠሁሽ መሰለሽ? ፍሪጅ መመለስ ብፈልግ ፍሪጁን አልመልስም? ኳስ ሳቀብልሽ ሁሉ ይሄን ነበር የምታስቢው?

አዎ ነዋ መልሱ፣ አዎ።

ስሜ ይጠራል። እግሬ ይሄዳል፣ መብራት፣ የማላውቀው ሰው እጅ፣ የወርቅ ቀለም የተቀባ ጫማ፣ ማይክ፣ ጌታን አመሰግናለሁ፣ አባቴንና እናቴን፣ አሰልጣኞቼን፣ ኮርናውን የመታችውን፣ ስሟን ስጠራ ድምፄ ይሰበራል፣ አዳራሹ ደስታ መስሎት ያጨበጭባል። እሷም ታጨበጭባለች፣ የጠረጴዛውን ልብስ እያየች።

አሁን የቡድኑ አውቶቡስ ውስጥ ነን፣ ልጆቹ ይዘፍናሉ፣ ጫማውን አንዷ ለአንዷ እያቀበሉ ፎቶ ይነሱበታል፣ ኖምቩላ ፊት፣ ከሹፌሩ ኋላ፣ ብቻዋን፣ ቦርሳዋን ጎኗ አስቀምጣ። አባዬ ይደውላል። ዩሱፍ ሥራ አስቁሞ ሁላችንም በቴሌቪዥን አየንሽ ይለኛል፣ ድምፁ የድሮው ነው፣ የሱቁ ጊዜ ድምፅ፣ ያቺ ኮርና የመታችው ልጅ እግሯ ይባረክ፣ ይላል፣ የማን ልጅ ናት? የጓደኛዬ እናት ልጅ፣ እላለሁ፣ ምን ማለት እንደሆነ እኔም አላውቅም፣ እሱ ይስቃል። ልነግረው ነው፣ እነግረዋለሁ፣ በስልክ ግን አይሆንም፣ በሰው ፊት አይሆንም፣ እሷ ሳትኖርም አይሆንም።

ሉዊስ ቦታ የሚባለው ጎዳና ተጨናንቋል፣ አውቶቡሱ ይቆማል፣ እነሳለሁ። የመቀመጫዎቹን ራስ እየያዝኩ ወደ ፊት እሄዳለሁ፣ ብታባርረኝስ፣ ብትሰድበኝ ይሻለኛል፣ ዝም ካለችኝ ግን፣ እዚህ ሰው አለ? እላለሁ፣ እንደ ማንኛውም መንገደኛ።

ወደ መስኮቱ እንደዞረች ናት። ከዚያ ቦርሳውን አንስታ ጭኗ ላይ ታደርገዋለች።

ኳሱን ነክተሽዋል፣ ትላለች ሳትዞር፣ አይቻለሁ።

እቀመጣለሁ። አምናታለሁ፣ ለዛሬ።