ማንም የማይከፍታቸው ፋይሎች

«እማማ ውዴ፣ በኮምፒውተር ነገር እርስዎ ባይገቡ ይሻላል» አለኝ ምናሴ፣ እኔው ለጥገና ሥራው ባከራየሁት ክፍል፣ እኔው ባስነጠፍሁት ወለል ላይ ቆሞ። ፊደል አለመቁጠሬን ካወቀ ወዲህ ዓይንም የሌለኝ ይመስለዋል። በሩ ላይ ተቀምጬ ስውል እሱም ደንበኛውም እንደ ዕቃ ዞረውኝ ነው የሚያልፉት።

መሪጌታ ፍሬ ስብሐት በጧቱ ጀልባ ከደሴቱ ተሻግረው መጥተዋል። የደብሩን ኮምፒውተር በጋቢ ጠቅልለው ሲያመጡ ሁለተኛ ጊዜያቸው ነው። ባለፈው ሐሙስ «ሞላ፣ ዘገየ» ብለው አመጡት፤ ምናሴ አጸዳሁት ብሎ መለሰላቸው። ከዚያ አፕዴት ጀመረና መሐል ላይ ቆመ፤ ይኸው አልከፍት ብሏል። ውስጡ የባለቤቴ የየኔታ ገድሉ ድምፅ አለ። ከማረፋቸው በፊት ሁለት ክረምት ሙሉ ድጓውን ከዳር እስከ ዳር ሲያዜሙ ደቀ መዛሙርቱ የቀዱት ነው። ሌላ ቦታ የለም።

«ቫይረስ ነው» አለ ምናሴ ስልኩን እየነካካ። «ፎርማት ማድረግ ነው ያለው። ውስጡ ያለው ሁሉ ይጠፋል።»

መሪጌታ አንገታቸውን ደፉ። «እንግዲህ የእግዚአብሔር ፈቃድ ከሆነ . . .»

«እግዚአብሔርን እዚህ ምን አመጣው?» አልሁ። «ይኸ ልጅ ባለፈው ሐሙስ ሲሰርዝ አይቸዋለሁ።»

ምናሴ ሳቀ። ሕፃን ሲኮላተፍ እንደሚሳቀው ዓይነት። «ምን ስሰርዝ አዩ፣ እማማ?»

«ረጅም ዝርዝር አወጣህ። ‹እነዚህን ማን ከፍቷቸው ያውቃል፣ ዝም ብለው ቦታ ይዘው› አልህ። ቢጫ ምልክት ያለው ነገር ፊትህ ተደቀነ፤ ‹አይፈቀድም ይለኛል እንዴ› ብለህ አላገጥህ። ሦስት ጊዜ መጣ፣ ሦስት ጊዜ ዘለልኸው።»

ሳቁ ቀረ። ስልኩን ኪሱ ከተተ።

«እነሱ የሲስተሙ ላይብረሪ ፋይሎች ናቸው» አለ ለመሪጌታ፣ እኔን ሳያይ። «ለዕለት ሥራ የሚከፍታቸው የለም። አፕዴት ሲመጣ ብቻ ነው አሮጌውን እያነሡ አዲሱን የሚተኩት።»

«እነሱን ስለጣልሃቸው ነዋ አፕዴቱ የሚተካለት አጥቶ መንገድ ላይ የቀረ።»

«እንደዚያ ማለት እንኳ . . .»

«ነው ወይስ አይደለም?»

«ነው።»

ዲግሪውን ግድግዳዬ ላይ በምስማር ሰቅሏል። ምስማሩ ከዲግሪው ይሻላል፤ የተሰጠውን ይዞ ይውላል።

መሪጌታ ቀና አሉ። «የኔታ የብራና መጠረዣ ወስፌና ጅማት ነበራቸው። ለዓመታት አይነኩትም ነበር።»

«አልተነካም ብሎ የጣለባቸውም አልነበረም» አልሁ። «ዳዊቱ ሲተረተር በጥርሳቸው ይስፉት?» ወደ ምናሴ ዞርሁ። «ይኸን ኮምፒውተር ለደብሩ ስትገዛ ያንተኑ ዓይነት ነው የገዛኸው። እነዚያ ፋይሎች ካንተ ኮምፒውተር ውስጥ የሉም?»

«አሉ። ግን ያጠፋሁትን እየለዩ መመለስ ቀኑን ሙሉ ይፈጃል። ፎርማት ግማሽ ሰዓት ነው።»

«ድምፁስ? አስቀድሞ ወደ ሌላ ዕቃ አይገለበጥም?»

«ዲስኩ ወጥቶ የኔው ላይ ከተሰካ ይገለበጣል» አለ ወለሉን እያየ።

ይገለበጣል። ለግማሽ ሰዓት ሥራ ብሎ ባለቤቴን ሁለተኛ ሊቀብርልኝ ነበር፤ በዚያ ላይ ቀብሩን በቫይረስ ሊያላክክ።

መሪጌታ ጋቢውን አጣጥፈው ጭናቸው ላይ አኖሩ። የመመለሻ ጀልባቸው ስምንት ሰዓት ላይ ነው። «ለነገ ይደርሳል?» አሉት።

«እንደሚያዩት ብዙ ሥራ አለብኝ፣ አባ። ገልብጬ ልደውልልዎት።»

«አትደውልም» አልሁት። «አሁን ትገለብጣለህ። ስትገለብጥም እያንዳንዱን ታሰማኛለህ።»

«እማማ፣ ምን ብለው ነው የሚለዩት? ስሙ የተጻፈው እኮ በፊደል ነው።»

«አርባ ዓመት ከጎናቸው ሆኜ ሰምቻለሁ። አንዲት ሃሌ ሉያ ብትጎድል አውቃታለሁ። ድጓ የሚጀምረው ከመስከረም ዮሐንስ ነው። ከዚያ ጀምርልኝ፤ ድምፁንም ከፍ አድርገው።»