ወንድሟን ይዛ የቀረበችው

ልብስ ሰፊዋ ታናሽ ወንድሟን ይዛ ፍርድ ቤት የሄደች ዕለት ደስ ብሏት ነበር። አዎ፣ ደስ ብሏት! በያጁ የሚባለው ይህ ወንድሟ ያለ ክስ ሲታሰር የመጀመሪያው አይደለም። እሷ አቤቱታ ታስገባለች፤ ቀጠሮው ሲደርስ ፖሊሶቹ ይፈቱታል፤ ወሬው ሲበርድ መልሰው ይወስዱታል። አሁን ግን አምርራለች። የምትፈልገው አንድ ነገር ነው፦ ዳኛዋ «መታሰሩ ጥፋት ነው፣ ሁለተኛ እንዳትነኩት» ብለው እንዲፈርዱላት።

ታዲያ ምን ብታስብ ጥሩ ነው? ወንድሟን ራሱን ማሳየት። ከደንበኛ በተረፈ ጨርቅ ኮት ሰፋችለት። እጅጌውን ሆን ብላ አሳጠረችው፣ ካቴና የላጠው የእጁ አንጓ ከሩቅ እንዲታይ።

«እትዬ፣ የልጅ ኮት የሰረቅኩ መሰልኩ እኮ» አላት እየሳቀ።

«ዝም በል፣ ይታይ።»

ችሎቱ ላይ ዳኛዋ መዝገቡን ገለጥ አድርገው «ታሰረ የተባለው ሰው የት ነው?» ሲሉ ከማንም ቀድማ ተነሣች።

«ይኸው፣ ክቡር ፍርድ ቤት። ይዤው መጥቻለሁ።»

በያጁ ቆሞ እጆቹን ዘረጋ። የፖሊስ ነገረ ፈጅ ከወረቀቱ ቀና እንኳ ሳይል «እንደሚታየው ተፈቷል» አለ።

ዳኛዋ ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ክፉ ቢሆኑ በተሻለ። አንጓውን ደህና አድርገው አይተውታል። «ይፈታልኝ ነበር ያልሽው፤ ይኸው ተፈቷል» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «የሚያከራክር ነገር ስለሌለ መዝገቡ ተዘግቷል።»

«መልሰው ቢወስዱትስ?»

«ያን ጊዜ አዲስ አቤቱታ ታቀርቢያለሽ።»

ያን ጊዜ ሩቅ አልነበረም። ደረጃውን ወርደው ሳይጨርሱ ሁለት ሰዎች በያጁን ግራና ቀኝ ያዙት። አልታገለም። ኮቱን አውልቆ ሰጣትና «እዚያ ይበላሽብኛል፣ እትዬ» አላት። ሮጣ ወደ ችሎቱ ብትመለስ የሌላ ሰው ጉዳይ ተጀምሯል፤ የችሎት አስተናጋጁ በሩ ላይ መለሳት።

ምን ታድርግ? በረንዳው ላይ ታይፑን ዘርግቶ ወደተቀመጠው ማመልከቻ ጸሐፊ ሄደች። ሲያያት ገብቶታል።

«የበፊቱ ግልባጭ አለኝ፤ ቀኑን ብቻ ነው የምለውጠው። ጥያቄው ያው ይፈታልኝ ነው አይደል?»

ኮቱን አጥፋ ጭኗ ላይ አስቀመጠች። ከተፈታ መዝገቡ ይዘጋል። መዝገቡ ከተዘጋ ይወስዱታል።

«አይደለም» አለች በመጨረሻ። «እስኪፈረድ ድረስ እንዳይፈቱብኝ በልልኝ።»

ያለችውን ጆሮዋ ሲሰማው ክው አለች። በገዛ አፏ፣ በገዛ ወንድሟ ላይ!

ጸሐፊው ጣቶቹን ከታይፑ ላይ አነሣ። «እንዲህ ተብሎ አይጻፍም፣ እህቴ።»

«እንግዲያው ይፈታልኝ በል» አለችና አጭሩን እጅጌ አፏ ላይ አድርጋ አለቀሰች።