ስልሳ ስድስት

ይህን ሙያ የመረጥኩት ለጭምብሉ ነው። ሰው ሠራሽ ጥርስ እሠራለሁ፤ ጭምብል ያደረገች ሴት ስታወራ አፏን በእጇ መሸፈን አያስፈልጋትም።

በእኛ ቤት ሴቶች ሁሉ ይሸፍናሉ። አያቴ ተገዝታ በገባችበት ቤት የጥቁር ትንፋሽ ምግብ ያበላሻል ተብሎ፣ እጇን አፏ ላይ ሳታደርግ መናገር ተከልክላ ነበር። እናቴ ከእሷ ወረሰች፤ እኔ ከእናቴ። በቀደም የልጄ አስተማሪ ደብተሯ ላይ እንዲህ ብላ ጻፈች፦ «ስታነብ አፏን ስለምትሸፍን አይሰማም።»

በማግስቱ አንድ ሽማግሌ ጥርስ ሊያሠሩ መጡ። አፋቸው ውስጥ አንድ ጥርስ የለም፤ ወሬ ግን ሞልቷል። የልጅ ልጃቸው ሠርግ ላይ ንግግር ያደርጋሉ። የማን ልጅ እንደሆንኩ ጠይቀውኝ የእናቴን ስም ስነግራቸው ፊታቸው በራ።

«የከሰል ልጅ ልጅ! አንቺዬ፣ አዝላ ያሳደገችኝ እኮ እሷ ናት። እንዴት ያለች ባሪያ ነበረች መሰለሽ!»

ማመስገናቸው ነው።

«አፍዎን ይክፈቱ» አልኳቸው።

ጥርስ መጀመሪያ የሚደረደረው ሰም ላይ ነው። ሰሙ በፕላስቲክ እስኪተካ ጥርሱ ይንቀሳቀሳል፤ ከዚያ በኋላ እንዳለ ይቀራል። ሁለቱን የፊት ጥርሶች የፀጉር ስፋት ያህል አራራቅኋቸው። እንደዚያው ልጨርሰው ነበር ሐሳቤ። አፋቸውን እንደሸፈኑ እንዲሞቱ ፈለግኩ።

የሙከራው ቀን «ስልሳ ስድስት ይበሉ» አልኳቸው። የጥርስ ጉድለት በ«ሰ» ይታወቃል።

እንደ ማንቆርቆሪያ አፏጩ። ደንግጠው እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ፤ አራቱ ጣቶች ተገጥመው፣ ልክ እንደ እናቴ።

ደስ አለኝ። አልዋሽም።

ልጄ ከትምህርት ቤት መጥታ በሩ ላይ ቆማ ነበር። ፉጨቱ አሳቃት፤ ሳቋንም በእጇ ሸፈነችው። አራቱ ጣቶች ተገጥመው። ሁለቱን እጆች አየሁና ደስታዬ ጎመዘዘኝ። ለዚያ እጅ ሌላ ወራሽ መጨመር ምን ይሠራልኛል?

ጭምብሌን አወረድኩ።

«እጅዎን ያውርዱ፤ ካልሰማሁ አላስተካክልም። ስልሳ ስድስት ይቅር። ‹ስሟ ከሰል አልነበረም› ይበሉ።»

«ምን አልሽ?»

«ሁለት ‹ሰ› አለበት። ለሙከራ ይመቻል።»

«እኔ ላይ ነው የምትቀልጂው?»

«እንግዲያው ፉጨትዎን ይዘው ሠርግ ይሂዱ።»

ግድግዳውን አዩ፤ በሩን አዩ። ከዚያ አሉት፤ አፏጩ። ጥርሱን አወጣሁ፣ ቢላዬን አሙቄ ገፋ አደረግኩት፣ መለስኩት።

«ይድገሙት።»

አፏጩ።

«ይድገሙት።»

አምስተኛው ላይ ጠርቶ ወጣ። በአዲሱ ጥርሳቸው መጀመሪያ አጥርተው የተናገሩት ያንን ነው።

ላብ አጥምቋቸው ተነሡ። «ታዲያ ስሟ ማን ነበር?» አሉኝ፣ ድምፃቸው ዝቅ ብሎ።

«ለእርስዎ አልነግርም።»

መቼም አልነግራቸውም። ኮታቸውን አንሥተው ወጡ።

«እኔ አውቀዋለሁ» አለች ልጄ በሩ ሲዘጋ። «የእኔ ስም ነው።»

እጇ አገጯ ድረስ ወጥቶ ነበር። እዚያው ቆመ።