የኮከቧ ሦስተኛ ቀጠሮ

1

አልደበዘዘችም።

2

ከመጀመሪያው ብጀምርላችሁ ደስ ባለኝ፤ ትርሲት ግን ፋታ የምትሰጥ ሴት አይደለችም። ተራራው ላይ ባለው የኮከብ መመልከቻ ጣቢያ ሁለት ዓመት ከመንፈቅ አንዲት ኮከብ ላይ አፍጥጣለች። ፕላኔት በኮከብ ፊት ሲያልፍ ብርሃኗ ጥቂት ይደበዝዛል። ይቺኛዋ በየዓመቱ አንዴ፣ እስካሁን ሁለት ጊዜ ደብዝዛለች። ሦስተኛው በተሰላለት ቀን ከመጣ፣ ትርሲት ውሃ የማይፈላበት፣ በረዶም ሆኖ የማይቀርበት፣ ሰው ሊኖርበት የሚችል ዓለም አገኘሁ ልትል ነው።

3

ለመጠበቅ የሚያስፈልጉ፦

ካፖርት

ቆሎ

ትዕግሥት (አልነበራትም)

4

በቀጠሮው ምሽት ኮከቧ እንደ ወትሮዋ አበራች። እኩለ ሌሊት ሲሆን ትርሲት የመመልከቻውን ተከፋች ጣሪያ አዘግታ ለጣቢያው ኃላፊ ደብዳቤ መጻፍ ጀመረች። ካሜራውን የሚንከባከቡት ጋሽ ድንቁ ቸል ባይሉ ኖሮ አያመልጠንም ነበር አለች። ደብዳቤው ሲደርስ ጋሽ ድንቁ አልተከራከሩም። ሃያ ሁለት ዓመት የያዙትን ቁልፍ አስረክበው ከተራራው ወረዱ።

የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል። ትርሲት ማፍሰሷንም ገና አላወቀችም።

5

ካለፈው ዓመት መዝገብ፦

«ኮከቧ ደበዘዘች። 2 ሰዓት። ድንቁ።»

6

ጋሽ ድንቁ ሰዓት የሚቆጥሩት በሀበሻ አቆጣጠር መሆኑን ጣቢያው ሁሉ ያውቃል። ስለዚህ ትርሲት ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ነው ብላ፣ ወደ ፈረንጅ ለውጣ አሰላች። ሦስት ሳምንት እንቅልፍ አጥታ ከርማ የዘበኛውን መዝገብ ብታገላብጥ፣ አምና በዚያ ዕለት እስከ እኩለ ሌሊት ዘንቦ ኖሯል። በዝናብ ጣሪያ አይከፈትም።

ጋሽ ድንቁ እሷን እንዳያደክሙ ብለው ከሌሊቱ ስምንት ሰዓትን ራሳቸው ወደ ፈረንጅ ለውጠውት ነበር። የተለወጠውን ነው ደግማ የለወጠችው።

7

የግርጌ ማስታወሻ፦ የስድስት ሰዓት ስሕተት ስሌቱ ውስጥ፣ አንዴ በአምናው ሰዓት፣ አንዴ በዓመቱ ርዝመት፣ ሲደገም አሥራ ሁለት ሰዓት ይሆናል። ኮከቧ ቀጠሮዋን አክብራ ሊነጋጋ ሲል ስትደበዝዝ፣ ትርሲት ደብዳቤዋን እያሳመረች ነበር።

8

እፍረት።

9

የስልክ ንግግር፦

ትርሲት፦ ጋሽ ድንቁ፣ ካሜራው ደህና ነበር።

ጋሽ ድንቁ፦ እሱንማ አውቃለሁ።

ትርሲት፦ ታዲያ ምነው ዝም አሉ?

ጋሽ ድንቁ፦ ማን ሊሰማኝ? አንቺ ቸኩለሻል፣ እኔ ደክሞኛል።

ትርሲት፦ ጥፋቱ የኔ ነው። ለኃላፊውም ዛሬ ጠዋት እንደዚሁ ብዬ ጽፌያለሁ።

ጋሽ ድንቁ፦ ዓለሚቱስ? አለች?

ትርሲት፦ አላውቅም፤ ስትደበዝዝ አላየኋትም። ለማወቅ አንድ ዓመት መጠበቅ አለብኝ፤ ያንን አሮጌ መሣሪያ ደግሞ ከእርስዎ በቀር የሚያውቅበት የለም። ይመለሱልኛል?

ጋሽ ድንቁ፦ ካፖርቴንና ቆሎዬን ይዤ እመጣለሁ። ትዕግሥቱን አንቺ ያዢ።