«ቤት የለኝም» ለማለት

ባንግ ሱኒም ለጡረታዋ የተቀመጠላትን ገንዘብ ለማውጣት ያመለከተችው፣ የምትገዛውን ቤት ቀሪ ክፍያ የምትከፍልበት ቀን አስራ አንድ ቀን ሲቀረው ነው። ቤቱ ጉሚ ከተማ ውስጥ፣ አሳንሰር የሌለው አሮጌ ሕንፃ አምስተኛ ፎቅ ላይ ነው። ሁለት ክፍል አለው፤ መስኮቱ ወደ ደቡብ ነው። ሱኒም ሃምሳ ሁለት ዓመቷ ነው። እስከዚያ ቀን ድረስ ስምንት የኪራይ ቤት ቀያይራለች። ለውሉ መያዣ የዋጋውን አንድ አስረኛ፣ ስምንት ሚሊዮን አራት መቶ ሺህ ዎን ከፍላለች። ቀሪውን በቀኑ ካልከፈለች መያዣው ለሻጩ ይቀራል፤ ቤቱም ይሄዳል።

እኔና እሷ የጋዝ መዝጊያ በሚያመርት ፋብሪካ፣ በአንድ የፍተሻ ጠረጴዛ አስራ ዘጠኝ ዓመት ጎን ለጎን ተቀምጠናል። ወደ ደመወዝ ክፍል ስትሄድ «ሄሱክ፣ አብረሽኝ ነይ፤ ያንን ፊት ብቻዬን አልችለውም» አለችኝ። ፊቱ የአለቃ ፕዮ ነው፤ የደመወዝ ክፍሉ ኃላፊ። ሠራተኛው «ወንፊቱ» ይለዋል። እንኳን ጠጠር፣ አየርም አያሳልፍም ይባላል።

ይህ ገንዘብ ሠራተኛው ሥራ ሳይለቅ አይነካም። ሕጉ የፈቀዳቸው ምክንያቶች ጥቂት ናቸው፤ አንደኛው በስሙ ቤት የሌለው ሠራተኛ በስሙ ቤት ሲገዛ ነው። አለቃ ፕዮ የሽያጭ ውሉን አነበበ። የቤት ግብር እንደማትከፍል የሚገልጸውን ወረቀት አነበበ፤ ገልብጦ ባዶውን ጀርባም አየ። ከዚያ ቀና አለ።

«ለመኸር በዓል የት ነው የሚሄዱት?»

«ዊሶንግ፣ ወንድሜ ጋ።»

«ቤቱ የማን ነው?»

«የአባታችን ነበር። አሁን ወንድሜ ይኖርበታል።»

«አባትዎ አሉ?»

«ከሞቱ ስድስት ዓመት ሆናቸው። እናታችንም ቀድመዋቸው ሄደዋል፤ የቀረነው እኔና ወንድሜ ነን።»

«ስሙ ዞሯል?»

«ኧረ ማን ያዞረዋል! እዚያ ሰው ነጭ ሽንኩርት ነቅሎ ይጨርስ ይሆን?»

እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «እንግዲያው የዚያ ቤት እኩሌታ የእርስዎ ነው። ሰው ሲሞት ቤቱ በዚያችው ሰዓት ወደ ልጆቹ ያልፋል። መዝገቡ ላይ ስማቸው ባይኖርም።»

እኔ ነኝ የተናገርኩት፤ አልደብቅም። «አለቃ፣ ወረቀቱ ንጹህ ነው። ግብሩ የሚመጣው በወንድሟ ስም ነው። ማን ያውቃል?»

«እኔ አሁን አወቅሁ» አለ። «እርስዎም ያውቃሉ።»

«ገንዘቡ የኔ አይደለም እንዴ?» አለች ሱኒም።

«የስልሳ ዓመቷ ሱኒም ነው። እሷ ዛሬ እዚህ የለችም። ስለዚህ ስለ እሷ የምከራከረው እኔ ነኝ።»

ኮሪደሩ ላይ ያወረደችበትን ስድብ እዚህ አልጽፈውም። እኔም አግዣታለሁ። ግን ሥራዬ መለካት ነው። የሚሊሜትር ሁለት መቶኛ የጎደለ መዝጊያ ስጥል፣ ያ መዝጊያ የማላውቀው ሰው ወጥ ቤት ውስጥ ሊገባ እንደነበር አስባለሁ። ማታ ቤቴ ስገባ የሰደብኩት ሰው የኔኑ ሥራ ሲሠራ እንደነበር ገባኝ፤ አፈርኩ።

በማግስቱ ለእረፍት ስንቀመጥ አለቃ ፕዮ ወደ ጠረጴዛችን መጣ። ወደ ምርት ክፍል ሲወርድ አይቼው አላውቅም። በእጁ ከሕግ መጽሐፍ የተቀዳ አንድ ገጽ ነበር፤ ሁለት መስመር በእርሳስ አስምሮበታል።

«ውርሱ ገና አልተከፋፈለም፤ ደግ ነው» አለ። «እርስዎና ወንድምዎ ተስማምታችሁ ቤቱ የእሱ ይሁን ብትሉ፣ ሕጉ ቤቱን አባትዎ ከሞቱበት ቀን ጀምሮ የእሱ ብቻ እንደነበር ይቆጥረዋል። በእርስዎ እጅ ጭራሽ አላለፈም ማለት ነው።»

ሱኒም ገጹን ተቀብላ ሁለቱን መስመር አነበበች። ከዚያ ሳቋ መጣ፤ ደስ የሚል ሳቅ አልነበረም። «አባታችን አልጋ ይዘው ሳሉ ሁለት ዓመት ሙሉ እሑድ እሑድ እዚያ ቤት ገብቼ ገላ ያጠብኩት እንግዲህ ማንን ነበር?»

«ሕጉ የሚያወራው ስለ ቤቱ ነው። ስላጠቧቸው ሰው አይደለም።»

ወንድሟ ይፈርማል ብለን አልተጠራጠርንም። ሙሉ ቤት ሲሰጡት ማን እምቢ ይላል? እሑድ ሦስታችንም ሄድን። አለቃ ፕዮ ለምን እንደመጣ ስጠይቀው «ማህተሙ ተዛብቶ ቢመታ ሌላ እሑድ የለንም» አለኝ፤ በእኛ ዘንድ ፊርማ ማለት የግል ማህተም ነው።

ባንግ ዶክማንና ሚስቱ ግቢው ውስጥ የነቀሉትን ነጭ ሽንኩርት መቶ መቶውን እያሰሩ ነበር። ዶክማን ቁጭ ብሎ አዳመጠ። ወረቀቱን አየ። መለሰው።

«እኔ የእህቴን ድርሻ አልበላም።»

«ብላ እያልኩህ እኮ ነው!» አለች ሱኒም።

«አልበላም! ነገ ገበያ ስወጣ ምን ሊሉኝ ነው? ዶክማን አባቱ እስኪሞት ጠብቆ እህቱን ነቀላት ነው የሚሉት።»

ሚስቱ ከሽንኩርቱ ክምር ኋላ ሆና «ብላ ሲሉት እምቢ የሚል ሰው፣ እኔ ያገኘሁት ባል ብቻ ነው» አለች።

«አንቺ ዝም በይ። ሱኒም፣ አባባን ቀብረን ስንመለስ ምን አልኩሽ? ቢከፋሽ፣ ቢደክምሽ፣ የዳር ክፍሏ ያንቺ ናት አላልኩሽም?»

«ወንድም ጋሼ፣ ሕጉ ቤት የሚከለክለኝ ያቺ ክፍል አለችሽ ብሎ ነው!»

«እንግዲያው ሕጉ ደደብ ነው» አለና ወደ ሽንኩርቱ ዞረ።

ሱኒም በረንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ እጇን ጉልበቷ ላይ አደረገች። እያለቀሰች አልነበረም፤ የተከፈለውን መያዣ በሐሳቧ እየቀበረች ነበር። የመጨረሻው አውቶቡስ ሊያልፍ ሁለት ሰዓት እንኳ አልቀረውም።

አለቃ ፕዮ ኮቱን አወለቀ፣ አጥፎ አስቀመጠ፣ ከዶክማን ጎን መሬት ላይ ተቀመጠና ሽንኩርት ማሰር ጀመረ። ማንም አልጠየቀውም። አንድ እስር ጨርሶ እንደገና ቆጠረው፤ ዘጠና ዘጠኝ ነበር፤ ፈታውና ከመጀመሪያው አሰረው። ዶክማን በዓይኑ ጠርዝ እያየው ነበር።

«ይህ የበቀለው የጓሮው ማሳ ላይ ነው?» አለ ፕዮ።

«አዎ።»

«ማሳው ከቤቱ ጋር አንድ የመሬት ቁጥር ነው ያለው?»

«የለም፣ ለብቻው ነው። አባባ በኋላ ነው የገዛው።»

«በአባትዎ ስም?»

«ታዲያ በማን ስም ይሆናል!»

 ሌላ የሚቸኩል ሰው እዚያው ይጮህ ነበር። ፕዮ ግን በእጁ የያዘውን እስር መቶ አደረሰ፣ ቋጠረ፣ አስቀመጠ። ከዚያ ነው የተናገረው።

«ማሳ ቤት አይደለም። ሰው መቶ ማሳ ኖሮት ቤት የሌለው ሊሆን ይችላል። ቤቱን እርስዎ ይውሰዱ፤ ማሳው የእህትዎ ይሁን። በአንድ ወረቀት። ገበያ ላይ የሚጠይቅዎ ሰው ካለ፣ ድርሻዋ በቁጥሩ እንዳለ ያሳዩታል።»

ዶክማን እጁ ቆመ። ወደ ጓሮው አየ፤ ከዚያ ወደ እህቱ።

«ከቤቱ ያንሳል» አለ።

«ከኔ ስምንት ኪራይ ቤት አያንስም» አለች ሱኒም።

«የማርሰው እኔ ነኝ።»

«ታዲያ እኔ ላርስ ነው እንዴ? በዚህ ወገቤ?»

«ሽንኩርቱን ግን እኩል ነው የምንካፈለው።»

«እኩል።»

«መፍረሚያ አምጡ!» አለ ዶክማን፤ እንደተቆጣ ሰው።

ፕዮ ያዘጋጀው ወረቀት ስለ ቤቱ ብቻ ስለነበር በረንዳው ላይ እንደ አዲስ በእጁ ጻፈው። ሦስት ቅጂ። ሁለተኛው ላይ የማሳውን ቁጥር አንድ አሃዝ ሳተ፤ ወረቀቱን ቀደደው።

«አንድ ቁጥር ነው እኮ፣ ሰርዘው!» አለ ዶክማን።

«ብሰርዘው እናንተ ታዩኛላችሁ። በኋላ የሚያነበው ሰው ግን ማን እንደሰረዘው አያውቅም።»

አውቶቡሱ አመለጠን። ዶክማን በሽንኩርት መጫኛው መኪና ጉሚ ድረስ አደረሰን፤ መንገዱን ሙሉ ሕጉን እየሰደበና ፕዮን ጥያቄ እየጠየቀ። ሰኞ ወንድምና እህት የማህተማቸውን ማረጋገጫ ከጽሕፈት ቤት አወጡ። ቤቱም ማሳውም መዝገብ ላይ በየስማቸው ሊገቡ አራት ቀን ፈጀ። ፕዮ አዲሱን መዝገብ ካላየሁ አለ፤ አየ፤ ማመልከቻዋን ያን ቀን ከሰዓት በፊት አሳለፈው። ገንዘቡ የገባው በመክፈያው ቀን ከረፋዱ አምስት ሰዓት ከአርባ ነው። ሱኒም ከሻጩ ጋር የቀጠረችው ለሰባት ሰዓት ነበር። ስልኳን ለኔ አሳየችኝና ጓንቷን ሳታወልቅ እንደ ልጅ እየሮጠች ወጣች።

ቤቱን ልናይ የተጠራነው በሐምሌ ነው። ዶክማን አንድ ማዳበሪያ ሙሉ ነጭ ሽንኩርት ተሸክሞ አምስት ፎቅ ወጣና መተንፈስ ሲችል «ወንድምሽ ቤት አሳንሰር አያስፈልግም ነበር» አለ። አለቃ ፕዮ እንደ ወጉ ለአዲስ ቤት የሚሰጠውን የልብስ ሳሙና ይዞ መጣ፤ ሁለት ሳህን ኑድል በላ፤ መስኮቱ በትክክል ወደ ደቡብ መሆኑን ቆሞ አረጋገጠ። ከዚያ ወደ ሱኒም ዞረ።

«አድራሻዎን አዛወሩ?»

«የምን አድራሻ?»

«የነዋሪነት ምዝገባዎን። በገቡ በአስራ አራት ቀን ውስጥ ማስመዝገብ አለብዎት። ዛሬ ዘጠነኛው ነው።»

ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። «ይህን ሰውዬ ማን ነው ያሳደገው?» አለ ዶክማን። የመጠጡን ጠርሙስ አነሳ። ዶክማን ፕዮን በሰባት ዓመት ይበልጠዋል፤ በእኛ ዘንድ ታላቅ ለታናሹ በአንድ እጁ ነው የሚቀዳው። እሱ ግን በሁለት እጁ ይዞ፣ አንገቱን ትንሽ ሰበር አድርጎ ቀዳለት። ፕዮ ሊከለክለው እጁን ዘረጋ። ዶክማን አላቆመም፤ ብርጭቆው እስከ አፉ ሞላ።